ለአንድ ሰው የሚጠራ ግራኝ

ኦክቶበር 16

ዛሬ ሥራዬ አራት ኳስ ነበር። ቤዝቦል ሜዳው ላይ አራት ኳስ ወርውሬ ወደ ቤቴ ገባሁ። የሚስቅ ይሳቅ።

ስምንተኛው ዙር ላይ ባላንጣዎቻችን አዙዋዎች ሁለት ሰው ቤዝ ላይ አቁመው፣ መምቻውን ይዞ የቀረበው ታናሽ ወንድሜ ክሊዴ ነበር። አሰልጣኛችን ቲኔዮ ማሟሟቂያው ጋ ስልክ ደውሎ «ራዳሜስን ላኩልኝ» አለ። ግራኝ መቺ ሲመጣ ግራኝ ወርዋሪ ይጠራል፤ እኔ የምኖረው በዚህ ነው። ያን አንድ ሰው ከመምታት ተራው አስወጣለሁ፣ ቲኔዮ መጥቶ ኳሷን ከእጄ ይወስዳል፣ የቀረው የሌሎች ሥራ ነው። ክሊዴ አራተኛዋን ኳስ መሬት ለመሬት አንከባለላትና ወጣ።

በአጠገቤ ሲያልፍ «ሽማግሌው፣ ምርኩዝህን የት ጣልከው?» አለኝ።

«አንተ እጅ ላይ ነው። አልመታልህ አለ እንጂ!» አልኩት።

ሙሉ የባኒ ስታዲየም «ሜኤኤ!» እያለ ጮኸ። ቡድናችን ፍየሎቹ ስለሚባል ደጋፊው ደስ ሲለው እንደ ፍየል ነው የሚጮኸው። ሠላሳ ሰባት ዓመቴ ነው፤ አሁንም ያስጮኻቸዋል ክንዴ።

ይህን ደብተር ሚስቴ ኢሳኡራ ናት የሰጠችኝ። «ንዴትህን በር ላይ ከምትወጣው ጻፈው» ብላ። ምን ንዴት አለኝ? ዛሬ ምንም ንዴት የለኝም።

ኦክቶበር 19፣ እሁድ

ክሊዴ ምሳ ሊበላ መጣ። በሳምንት አንድ ቀን ማሊያ የሚባል ነገር የለም፤ ከአዙዋ እስከ እኛ ቤት በመኪና አንድ ሰዓት ነው፣ ቀርቶ አያውቅም። አማቴ ዶኛ ኤርሲሊያ ሳንኮቾ የሚባለውን የፍየል ወጥ ሠርተው ጥሩ ጥሩውን ሥጋ ለእሱ አወጡለት። ለእኔ አጥንቱን። ሁልጊዜም እንዲህ ናቸው፤ ልጃቸውን ያገባሁት እኔ፣ የሚወደደው እሱ።

ከምግብ በኋላ ጓሮ ወስደውት ብዙ ቆዩ። ሲመለስ ፊቱ ልክ አልነበረም። «ምን አሉህ?» ብዬ ጠየቅሁት። «ምንም። የደም ግፊታቸውን ነው» አለ።

ከሄደ በኋላ እኔንም ያዙኝ። «አንተ ልጅ፣ ቴሌቪዥን ላይ ሳይህ እኮ፣ ስትወረውር አንድ ነገር...» ብለው ሲጀምሩ አቋረጥኳቸው። «ዶኛ ኤርሲሊያ፣ እኔ ሩዝ እንዴት እንደሚቀቀል ነግሬዎት አውቃለሁ?» አልኳቸው። ሩዛቸውን መልቀም ቀጠሉ። ኢሳኡራ እስክንተኛ አላናገረችኝም።

ክፉ መናገሬ አልነበረም። ሴትዮዋ ግን ከሎተሪ ቁጥር በቀር ስለምን ያውቃሉ?

ኦክቶበር 28

አዙዋ። ሰባተኛ ዙር። ክሊዴ። ከአጥር በላይ።

ጠምዛዛዋን፣ መቺው ጋ ስትደርስ የምትታጠፈዋን ነበር የወረወርኩት፤ ጥሩ ጠምዛዛ፣ ጉልበቱ ጋ የወረደች። ይጠብቃት የነበረ ይመስል ቆሞ መታት። ቤዞቹን ሲዞር ቀና ብሎ አላየኝም። ሌላ ጊዜ ቢሆን ምላሱን ያወጣ ነበር።

ኦክቶበር 29

ዕድል ነው። በቃ።

ኖቬምበር 2

ሁለት ግራኞች፣ ሁለት ምት። ከአዙዋም አይደሉም፣ የሌላ ቡድን ናቸው። ቆሜ የምወረውርበት ጉብታ ፊት ለፊቱ ተቦርቡሯል፤ እግሬ እየተንሸራተተ ነው። ለሜዳው ሠራተኛ ነግሬዋለሁ። «ለሌሎቹስ ለምን አይንሸራተትም?» አለኝ። ሌሎቹ ግራኝ አይደሉማ!

ሌላም ነገር አለ። ልወረውር ስል ከነሱ መቀመጫ አንድ ሰው ያፏጫል። ሁልጊዜ አይደለም፤ አንዳንዴ። እኔን ለመረበሽ ነው። ያፏጩ። በቬንዙዌላ ጠርሙስ እየተወረወረብኝ ወርውሬአለሁ፤ ፉጨት ነው የሚያስደነግጠኝ?

ኖቬምበር 4

ቤት ስገባ የትናንትናው ጨዋታ በቴሌቪዥን እየተደገመ ነበር። ዶኛ ኤርሲሊያ ሩዙን ጭናቸው ላይ አድርገው፣ አንድ ዓይናቸው ሩዙ ላይ፣ አንዱ እኔ ላይ። ጉብታው ላይ ቆሜ ልወረውር ስዘጋጅ፣

«አሁን ፈጣኗ ናት» አሉ።

ፈጣኗ ነበረች።

«አሁንም ፈጣኗ።»

ነበረች።

«አሁን ጠምዛዛዋ። ይኸው ልትመታ ነው።»

ተመታች። ኢሳኡራ ሳቀች፤ በእኔ ሳይሆን በእናቷ፣ ግን ሳቀች። ቴሌቪዥኑን አጠፋሁት። «ትናንት ያዩትን ዛሬ ቢናገሩ ምን ይገርማል?» አልኩ። «ትናንት አላየሁም፣ ቤተ ክርስቲያን ነበርኩ» አሉ ዶኛ ኤርሲሊያ። ሰው አማቱን ውሸታም አይላትም። ወጥቼ መኪናዬን አጠብኩ።

ኖቬምበር 9

ከኖኤል ጋር ተጣላሁ። ኖኤል ያዣችን ነው፤ ከመቺው ጀርባ ቁጢጥ ብሎ የትኛዋን ኳስ እንደምወረውር በጣቱ ምልክት የሚያሳየኝ። ጣቶቹን ጭኖቹ መሃል በደንብ አይደብቃቸውም፤ ሁለተኛ ቤዝ ላይ የቆመው ሯጭ አይቶ ለመቺው እየነገረበት ነው። ሌላ ምን ሊሆን ይችላል? ልብስ መለወጫው ውስጥ ሁሉም ባለበት ነገርኩት። ሃያ ሦስት ዓመቱ ነው፤ ፊቱ ቀላ።

«ጋሽ ራዳሜስ፣» አለኝ፣ «ትናንት ሲመቱዎት እኮ ሁለተኛ ቤዝ ላይ ማንም አልነበረም።»

ልብሴን ሳልለውጥ ወጣሁ። ይቅርታ ልጠይቀው ይገባ ነበር። ነገ እጠይቀዋለሁ።

ኖቬምበር 10

አልጠየቅሁትም። ዛሬ ሳይጠሩኝ ቀሩ።

ኖቬምበር 16፣ እሁድ

ኢሳኡራን «ክሊዴ ሲመጣ የለም በይው» አልኳት። «አንተው በለው፣ እኔ አልዋሽም» አለች። ስለዚህ በሩን ዘግቼ መጋረጃውን ጋረድኩ፤ ሦስታችንም በገዛ ቤታችን ውስጥ እንደ ሌባ ተደብቀን ቁጭ አልን። ክሊዴ ሁለት ጊዜ የመኪናውን ጡሩምባ ነፋ። መኪናዬ በራፍ ላይ ቆማለች፤ መኖሬን ያውቃል። አንድ ዘለላ የሚቀቀል ሙዝ ደጃፉ ላይ አስቀምጦ ሄደ።

ዶኛ ኤርሲሊያ ሙዙን አስገብተው ላጡት። «ከወንድምህ ጋር የተጣላኸው ስለ መታህ ነው?» አሉኝ። ስለ መታኝ አይደለም። ሲመታኝ ስላላየኝ ነው። ይህን አልነገርኳቸውም። «ደክሞኛል» አልኩ።

ሁለታችንም የአባታችን እጅ ነን፤ ግራኝ። በልጅነታችን በውሃ ጀሪካን ክዳንና በመጥረጊያ እንጨት ስንጫወት እኔ እወረውራለሁ እሱ ይመታል። አምስት ዓመት እበልጠዋለሁ። ሲያቅተው ያለቅስ ነበር፤ እኔም አለሳልሼለት አላውቅም። አንድ ቀን አባታችን «አንዴ እንኳ አስመታው» ቢለኝ «እንቢ» አልኩ። አሁንም እንቢ ነው የምለው። እንደዚያ ባላደርገው ክሊዴ ዛሬ የአዙዋ የመጀመሪያ ቤዝ ጠባቂ ይሆን ነበር?

ኖቬምበር 19

ቲኔዮ ቢሮው ጠራኝ። ዘወር ዘወር አላለም።

«ራዳሜስ፣ ለአንድ ሰው ነው የያዝኩህ። ያን አንዱን ካላስወጣህልኝ ምን ላድርግህ? እስከ ዲሴምበር አጋማሽ እይሃለሁ።»

«እስከ ዲሴምበር ማየት ለምን? ዛሬ ማታ ጥራኝ» አልኩት። አልጠራኝም።

በሩን ሳልዘጋ ስወጣ የወርዋሪዎች አሠልጣኙ ዶን ኒንሮድ «ክንዱ አላረጀም፣ ጆሮው ነው እንጂ» ሲሉት ሰማሁ። ምን ማለታቸው ነው? ጆሮዬ ደህና ነው፤ የደጋፊው ስድብ አንድም አያመልጠኝም። ዛሬ አንዱ «ራዳሜስ፣ አትድከም፣ ኳሷን በሞተር ላክላቸው!» ሲለኝ ነበር።

ቢያባርሩኝ ምን እንደሚሆን አውቃለሁ። በወቅቱ አጋማሽ ከክረምት ሊግ የተባረረ የሠላሳ ሰባት ዓመት ግራኝ ማንም አይወስድም። ወርዋሪ መሆኔ ያበቃል፤ «ድሮ ወርዋሪ የነበረው» እሆናለሁ። ከሱቁ ፊት ዶሚኖ የሚጫወቱት ወንበር እንኳ አዘጋጅተውልኛል። አልቀመጥባትም።

ኖቬምበር 30

ዛሬ ያደረግሁትን ልጻፈው።

አዙዋዎች እኛ ሜዳ ላይ። ዘጠነኛ ዙር። ክሊዴ መጣ፣ ቲኔዮም ጠራኝ። የመጨረሻ ዕድል እንደሰጠኝ ገባኝ። ኳሷን ጓንቴ ውስጥ ይዤ ለጠምዛዛዋ ጣቶቼን ሳስተካክል ያ ፉጨት መጣ። ክሊዴ እግሩን ትንሽ ወደ ኋላ ሳብ አደረገ፤ እንደሚጠብቃት ሰው። ያኔ ጣቶቼን ለወጥኩ። በሙሉ ኃይሌ ፈጣኗን ጎኑ ላይ ወረወርኩ።

አላመለጠችኝም። ለቲኔዮ አመለጠችኝ አልኩት፣ ለጋዜጠኛው አመለጠችኝ አልኩት፣ ለኢሳኡራም። አላመለጠችኝም።

ተንበርክኮ ትንሽ ቆየ። የሁለቱም ቡድን ሰዎች ወደ ሜዳ ሊገቡ ሲነሱ እጁን አንስቶ «ተዉ፣ ተዉ» አላቸው። በኳስ የተመታ መቺ ቤዝ ይሰጠዋልና ጎኑን ይዞ ወደ መጀመሪያ ቤዝ ሄደ። እዚያ ቆሞ «ደህና ነህ?» አለኝ። እኔን! እሱ ተመቶ እኔን «ደህና ነህ?»

ደህና አይደለሁም። ወንድሜን መታሁ። ቢሆንም እንዲህ ብዬ ልጻፍ፦ ሌላ ሰው ቢሆን ቀድሜ እመታው ነበር።

ዲሴምበር 1

ዶኛ ኤርሲሊያ ሲያናግሩኝ ዓይናቸውን ወደ ሩዙ ነው የሚያደርጉት። ስልክ አንስተው ከክሊዴ ጋር ሲያወሩ ሰማሁ፤ የጎን አጥንቱ አልተሰበረም።

ዲሴምበር 9

ስልኩ ይጮኻል፤ ለሌላ ሰው፣ በቅርቡ ላመጡት ግራኝ ነው። ዘጠኝ ቀን። ሁሌ እሟሟቃለሁ፣ ከዚያ ተቀመጥ ይሉኛል። ተነስ፣ ተቀመጥ። ቢሆንም መጀመሪያ የምነሳው እኔ ነኝ፤ ይዩኝ።

ዲሴምበር 15

የሚባረሩት ዝርዝር በሩ ላይ ተለጠፈ። ስሜ የለም፤ ማለትም አልተባረርኩም። ለምን መሰላችሁ? ሌላው ግራኝ ትናንት ሻንጣ ሲያነሳ ወገቡ ተያዘ። በዚህም ምክንያት ቢሆን ቀርቻለሁ። ኖኤልን ዛሬ ይቅርታ ጠየቅሁት። «ረስቼዋለሁ» አለኝ፤ አልረሳም።

ዲሴምበር 21

ተሸነፍን። ስድስት ቡድን፣ አራቱ ያልፋሉ፣ እኛ አምስተኛ። አዙዋ ሁለተኛ ሆኖ አለፈ።

ሁሉም ሻንጣውን ሲያስር ቲኔዮ ሰዉን አንድ በአንድ ጨበጠ። ለወጣቶቹ «በሚቀጥለው ዓመት እንገናኛለን» አላቸው። ለእኔ «ቤተሰብህን ሰላም በልልኝ» አለኝ። ገብቶኛል። «ቤተሰቤ በሚቀጥለው ዓመት ራሱ ሰላም ይልሃል፣ ስታዲየም ይዤው እመጣለሁ» አልኩት። ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም።

ዲሴምበር 23

ዛሬ ያለፉት አራት ቡድኖች ከወደቁት ሁለት ቡድኖች ሰው የሚመርጡበት ቀን ነው። በየዓመቱ እንዲህ ነው፤ ትናንት የሰደበህ ደጋፊ ነገ ስምህን እየጠራ ይዘፍናል። ሬዲዮ ይዞ ሰፈሩ ሁሉ ሱቁ በራፍ ላይ ተሰብስቧል። እኔ የሚመርጠኝ እንደሌለ ስለማውቅ መኪናዬን ሳጥብ ነበር። መኪናዋ ንጹህ ነበረች።

ኖኤል በመጀመሪያው ተወሰደ። ሁለተኛ፣ ሦስተኛ፣ አራተኛ ዙር። አምስተኛው ላይ የአዙዋ ተራ ደረሰ። «አዙዋ፣ ግራኝ ወርዋሪ፣ ራዳሜስ...»

ሱቁ በራፍ ላይ ሳቅ ፈነዳ። «ለሚመቱት ሰዎች የራሳቸውን ወርዋሪ ገዙ!» አለ አንዱ። «ልምምድ እንዲሆናቸው ነው!» አለ ሌላው። ኢሳኡራ እጇ ሳሙና እንደሆነ ሮጣ ወጣች። ዶኛ ኤርሲሊያ አማተቡ።

«አልሄድም» አልኩ። «የወንድሜ ምጽዋት አልበላም።»

«ምን ምጽዋት ነው?» አለች ኢሳኡራ። «ደግሞ ማን ሊያስቀርህ ነው? እኔ ነኝ? ሻንጣህ እኮ ገና አልተፈታም።»

እውነት ነው፣ ሻንጣዬን አልፈታሁም ነበር። ጊዜ ስላላገኘሁ ነው።

ዲሴምበር 26

ረጅም ነው የምጽፈው፤ ካልጻፍኩት አልተኛም።

አዙዋ ስታዲየም ስደርስ ክሊዴ ብቻውን ማሟሟቂያው ላይ ጠበቀኝ። ጓንትና ኳስ ይዟል። የአዙዋን ማሊያ ገና እንደ ለበስኩ ነበር፤ የዋጋው ወረቀት እንኳ ከአንገቱ አልተቆረጠም። ሰላም አላልኩትም።

«ሽማግሌው፣ ፈጣኗን ያዝ» አለኝ። ያዝኩ። «አሁን ጠምዛዛዋን።» ጓንቴ ውስጥ ጣቶቼን አስተካከልኩ። «አየህ?» አለ።

«ምኑን?»

መጥቶ ጓንቴን በእጁ ነካው። «ፈጣኗን ስትይዝ ጓንትህ ዝግ ነው። ጠምዛዛዋን ስትይዝ ጣትህ ቦታ ስለሚፈልግ ጓንቱ እንዲህ ይከፈታል። ከመቀመጫችን ሳይቀር ይታያል። ስናይ እናፏጫለን፤ ከእኛ ሰምተው ሌሎቹም ቡድኖች ያፏጫሉ።»

ሠላሳ ሰባት ዓመቴ ነው። አሥራ ስምንት ዓመት በዚህ ክንድ ኖሬአለሁ። ኳሷን ሳልወረውር ለሁሉም እየነገርኩ ነበር ማለት ነው።

«መቼ አየኸው?» አልኩት።

ኳሷን ጓንቱ ውስጥ አገላበጣት። ከዚያ፣ «እኔ አይደለሁም ያየሁት። ዶኛ ኤርሲሊያ ናቸው። በኦክቶበር፣ እሁድ፣ ጓሮ ውስጥ። ‹እኔን አይሰማኝም፣ አንተ ንገረው› አሉኝ።»

«እና?»

«እና አልነገርኩህም።»

«ለእነዚህ፣ ለቡድንህስ?»

«በማግስቱ ነገርኳቸው።»

ማሊያውን አንገቱ ላይ ጨምድጄ ያዝኩት። «ሁለት ወር! ሳንኮቿቸውን በልተህ፣ መልእክታቸውን ይዘህ፣ ሁለት ወር!»

እጄን አላስለቀቀም። «ማሊያ ለብሼ ነበር» አለኝ። «ብነግርህ ሃያ አራት ሰው ከዳሁ፤ ባልነግርህ አንተን። የትኛውን ላድርግ? እያንዳንዱን እሁድ እነግረዋለሁ እያልኩ ነው የምመጣው፤ ከዚያ የልብስ መለወጫው ትዝ ይለኛል። አንተስ ብትሆን ምን ታደርግ ነበር?»

«ለወንድሜ እነግረው ነበር» አልኩት።

እንደዚያ ብዬዋለሁ። እዚህ ደብተር ላይ ግን አልደግመውም።

«ጎኔን ስትመታኝ ደስ ነበር ያለኝ» አለኝ። «እንተካከላለን ብዬ።» ከዚያ፣ «ለአሰልጣኙ ክንዱ ደህና ነው፣ ችግሩን እኔ አውቃለሁ፣ በአምስት ደቂቃ ይቃናል አልኩት። አሁን የአንድ ማሊያ ሰዎች ነን። ይኸው ነገርኩህ።»

በመጀመሪያው ቀን ነገረኝ። በመጀመሪያው ደቂቃ! ዋጋው እንኳ ሳይቆረጥ። ልመታው ነበር፤ ላቅፈውም ነበር። ሁለቱንም ሳላደርግ ሄድኩ።

ዲሴምበር 29

አላናገርኩትም። አጠገቤ ይለብሳል፣ ጨው ያቀብለኛል፣ አላናግረውም። የአዙዋው አሰልጣኝ ፔገሮም እስካሁን አልጠሩኝም።

ጃንዋሪ 3

የዕረፍት ቀን ነው፣ ባኒ ነኝ። ከቁርስ በኋላ ዶኛ ኤርሲሊያ ዘንድ ሄድኩ። ኩሽናው በር ላይ ቆምኩ።

«ዶኛ ኤርሲሊያ፣ ጓሮ ይምጡልኝ። ወንበር አውጥቼልዎታለሁ።»

ቀና ብለው አዩኝ። «ነገረህ?»

«ነገረኝ።»

«ዘገየ» አሉ። ሩዛቸውን አስቀምጠው፣ መነጽራቸውን ጠርገው፣ መጡ። እንደ ንግሥት ተቀመጡ። እኔ አጥሩ ላይ የመኪና ጎማ ሰቅዬ መወርወር ጀመርኩ። ሳልወረውር በፊት የቷ እንደሆነች ይናገራሉ።

«ጠምዛዛዋ።» ነበረች። «ፈጣኗ።» ነበረች። «ጠምዛዛዋ። አንተ ልጅ፣ አሁንም እየከፈትከው ነው።»

ሁለት ሰዓት ሠራን። ኳሷን ገና ስቀበል በጠምዛዛዋ አያያዝ መያዝ፣ ከዚያ ፈጣኗ ከሆነች ጣቶቼን ማጥበብ፤ ጓንቱ እንዳይላወስ። አንዴ ረስቼ ስከፍተው ከጎረቤት አጥር በላይ የሚሰማ «ኧረ!» ይሉኛል። ምሳ ሰዓት ሲደርስ በተከታታይ አራት ጊዜ ተሳሳቱ። አምስተኛው ላይ መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉ።

«የቷ ናት?» አልኳቸው።

«እኔ እንጃ። አሁን የምትታይ ኳስ የለም» አሉ። በደስታ እጃቸውን አጨበጨቡ። ከዚያ ቀስ ብለው «ኦክቶበር ላይ ብትሰማኝ ኖሮ...» ብለው ሊቀጥሉ ሲሉ አቋረጥኳቸው።

«አውቃለሁ» አልኩ። «ጥፋቱ የእኔ ነው። የእሱም ነው፤ ግን መጀመሪያ የእኔ።»

ይህን አፌ ተናግሮት ስሰማው ራሴም ደነገጥኩ። ምሳ ላይ ሥጋ አወጡልኝ።

ጃንዋሪ 8

ጠሩኝ። አንድ ግራኝ። ሦስት ኳስ። ወጣ። አፏጩ፣ ግን ያፏጩት በተሳሳተችው ኳስ ላይ ነው።

ጃንዋሪ 12

ጠሩኝ። ወጣ። ክሊዴ ከመጀመሪያ ቤዝ «ጎበዝ ሽማግሌ!» አለ። አልሰማሁም።

ጃንዋሪ 18

ዛሬ ካሸነፍን ለፍጻሜ እናልፋለን፤ ከተሸነፍን ሁሉም ወደ ቤቱ።

ዘጠነኛ ዙር። በአንድ ነጥብ እየመራን ነው። ጨዋታው እንዲያልቅ ከሚወጡት ሦስት ሰዎች አንዱ ወጥቷል፤ ተጋጣሚዎቻችን አንደኛና ሁለተኛ ቤዝ ላይ ሰው አላቸው። የሚመጣው ግራኝ ነው፤ የእነሱ ትልቁ መቺ። ስልኩ ጮኸ፣ «ራዳሜስ» አሉ።

ጉብታው ላይ ፔገሮ ኳሷን ሰጡኝ። «ይህን ሰው ብቻ» አሉኝ። ሁሉም እንደሚሉኝ።

ሁለት ጊዜ ሊመታ ሰንዝሮ ሳተ። ከዚያ ሆን ብዬ ጓንቴን ከፈትኩት፤ በደንብ፣ ለሊጉ ሁሉ እንዲታይ። ከመቀመጫቸው ፉጨቱ ሲመጣ ጣቶቼን አጥብቤ ፈጣኗን ላክሁለት። ጠምዛዛዋን ሲጠብቅ መምቻውን እንኳ አላንቀሳቀሰም። ዳኛው ሦስተኛዋን ቆጥሮ እጁን አነሳ። ሁለት ሰው ወጣ፣ አንድ ቀረ።

ቀጣዩ ቀኝ መቺ ነበር። ፔገሮ እንደ ሁልጊዜው ኳሷን ሊወስዱ መጡ፤ እጃቸውን ዘረጉ። አሥራ ስምንት ዓመት ሙሉ እዚህ ጋ ሲደርስ ኳሷን ሰጥቼ ጎንበስ ብዬ እወጣለሁ።

«አልሰጥም» አልኩ።

«ምን አልክ?»

«አልሰጥም። ይህኛውም የእኔ ነው።»

ፔገሮ ቀኝ እጃቸውን እንደዘረጉ ቀሩ። ዳኛው «ቶሎ በሉ» እያለ ነው። ስታዲየሙ ያብዳል። ያኔ ክሊዴ ከመጀመሪያ ቤዝ መጥቶ አጠገባቸው ቆመ። «አሰልጣኝ፣ ይተዉት» አለ። «ዘንድሮ ከእኔ በላይ የመታው የለም። ዛሬ አይመታም፤ እኔ ልንገርዎት።»

ፔገሮ እኔን አዩ፣ እሱን አዩ። «እናንተ ቤት አንድ እንኳ ጤነኛ የለም» ብለው ሄዱ።

ቀኙ መቺ ሁለተኛዋን ኳስ በአንደኛውና በሁለተኛው ቤዝ መሃል ኃይለኛ አድርጎ መሬት ለመሬት ላካት። ክሊዴ በዚያ በመታሁት ጎኑ ተወርውሮ ወድቆ ያዛት። እሱ ከቤዙ ርቋል፤ ቤዙ ላይ ማንም የለም፤ ከመቺው ቀድሜ እዚያ መድረስ ያለብኝ እኔ ነኝ። ሮጥኩ። በሠላሳ ሰባት ዓመት ጉልበት ሮጥኩ። መቺው በጎኔ ሲተነፍስ ይሰማኛል። ዞር ብዬ ሳላይ እጄን ዘረጋሁ፤ ወንድሜ የት እንደሚወረውርልኝ አውቃለሁ። እንደተንበረከከ ላካት። ኳሷ እጄ ገባች፣ እግሬ ቤዙን ረገጠ፣ ዳኛው «ወጣ!» ብሎ ጮኸ።

ሰዉ ሁሉ ላያችን ላይ ወደቀ። ከታች፣ ከሁሉም በታች፣ እኔና ክሊዴ አፋችን አቧራ ሆኖ ተቃቅፈን ነበር። ማን ቀድሞ እንዳቀፈ አልጽፍም።

ልብስ መለወጫው ውስጥ ጎኑ ላይ በረዶ አስሮ አጠገቤ ተቀመጠ።

«ይቅር አልከኝ?» አለ።

«አላልኩህም።»

«እሺ፣ መቼ ነው የምትለኝ?»

«በሚቀጥለው ኦክቶበር። እንደገና ባላንጣ ስንሆን። ሦስት ጊዜ ካስወጣሁህ በኋላ።»

ክሊዴ በረዶውን ይዞ ሳቀ፣ ሲስቅ ጎኑን አመመው። «ሽማግሌው፣ ሠላሳ ሰባት ዓመትህ ነው እኮ።»

«ያኔ ሠላሳ ስምንት ይሆነኛል» አልኩት።